ዱክ ስሌተር

ፍሬድሪክ ዌይማን ስሌተር፣ በሰፊው በሚታወቅበት ስሙ ዱክ ስሌተር (ዲሴምበር 9 ቀን 1898 – ኦገስት 14 ቀን 1966) አሜሪካዊ የአሜሪካን ፉትቦል ተጫዋች፣ ጠበቃና ዳኛ ነበር። ከ1922 እስከ 1931 ድረስ ለ10 የውድድር ዘመናት በመስመር ላይ የ«ታክል» ቦታ ይዞ በሙያ ተጫዋችነት ቆይቷል። ዛሬ ኤን ኤፍ ኤል ተብሎ በሚታወቀው ብሔራዊ የፉትቦል ሊግ የመጀመሪያው ጥቁር የመስመር ተጫዋች እንደሆነ ብዙ ጊዜ ይነገርለታል። ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊት ከተጫወቱት ጥቁሮች ሁሉ ረጅሙን ጊዜ የቆየው እርሱ ነው። ከሜዳ ከወጣ በኋላ በቺካጎ ከተማ ሕዝብ መርጦት የዳኝነት ወንበር ያዘ፤ እስከ ዕለተ ሞቱም በዳኝነት አገልግሏል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ቀኖችና ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የልጅነት ዘመን

ስሌተር የተወለደው በኢሊኖይ ክፍለ ሀገር ኖርማል በምትባል ትንሽ ከተማ ነው። አባቱ ጆርጅ ስሌተር የአፍሪካ ሜቶዲስት ኤጲስቆጶሳዊት ቤተክርስቲያን ሰባኪ ነበር። ሰባኪው የድሆችንና የሠራተኞችን ጉዳይ ከመድረክ የሚያነሣ፣ በሶሻሊስት ጋዜጣም ላይ የሚጽፍ ሰው ስለነበር በዘመኑ ከነበሩት ቀሳውስት ለየት ያለ ነበር። ቤተሰቡ የአባትየውን የአገልግሎት ምደባ እየተከተለ ከቦታ ቦታ ይዘዋወር ነበር። ልጁ በቺካጎ ካደገ በኋላ፣ ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ መጀመሪያ ላይ ሳለ፣ በሚሲሲፒ ወንዝ ዳር ወደምትገኘው ክሊንተን ወደተባለች የአዮዋ ከተማ ሄዱ።

«ዱክ» የሚለው ቅጽል ስም በእንግሊዝኛ መስፍን ማለት ነው። ይሁን እንጂ ስሙ ከመኳንንት ጋር ምንም ግንኙነት የለውም፤ የቤተሰቡ ውሻ ስም ነበር። የሰፈሩ ልጆች የውሻውን ስም ለባለቤቱ አወጡለት፣ በዚያው ጸና።

አባትየው ፉትቦልን አይወድም ነበር። በዚያ ዘመን ጨዋታው የባለጌና የጉልበተኛ ነገር ተደርጎ የሚታይ ሲሆን፣ በየዓመቱም ሜዳ ላይ የሚሞቱ ወጣቶች ስለነበሩ ፍርሃቱ ያለምክንያት አልነበረም። ዱክ ግን በድብቅ መጫወት ጀመረ። ነገሩ ሲታወቅና ሲከለከል ልጁ ለጥቂት ቀናት ምግብ አልበላም ብሎ አደመ። በመጨረሻ አባትየው ጉዳት እንዳይደርስብህ ተጠንቀቅ ብሎ ፈቀደለት። ከዚህ በኋላ ወጣቱ የሚደርስበትን ጉዳት ሁሉ ቤት ሲገባ ይደብቅ ነበር ይባላል።

ሌላው ችግር ገንዘብ ነበር። በክሊንተን ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ተጫዋቾች ጫማቸውንና የራስ መከላከያ ቆባቸውን ራሳቸው መግዛት ነበረባቸው። የሰባኪው ቤተሰብ ከሁለቱ አንዱን ብቻ ለመግዛት አቅም ነበረው። የዱክ እግር እጅግ ትልቅ በመሆኑ በክሊንተን ሱቆች ልኩ አይገኝም፤ ጫማው ከቺካጎ በትዕዛዝ መምጣት ነበረበት። ስለዚህ ጫማውን መረጠና ያለ ቆብ ተጫወተ። ይህ በችግር የተጀመረ ነገር ኋላ ልማድ ሆነና ስሌተር በኮሌጅ ዘመኑም ቢሆን አብዛኛውን ጊዜ ራሱን ሳይሸፍን ይጫወት ነበር። ዛሬ ድረስ በስፋት የሚታወቀው ፎቶግራፉም በዚሁ ሁኔታ የተነሣ ነው።

የመስመር ተጫዋች ሥራ

የአሜሪካን ፉትቦል እኛ እግር ኳስ ከምንለው ጨዋታ ፈጽሞ የተለየ ነው። ኳሱ ሞላላ ነው፤ በአብዛኛው በእጅ ይያዛል። በየወገኑ 11 ሰው ይሰለፋል። የሚያጠቃው ቡድን ኳሱን ይዞ ወደ ተቃራኒው ወሰን ለመድረስ ይገፋል። ወሰኑን ካለፈ «ተችዳውን» ይባላል፤ 6 ነጥብ ያስገኛል።

ኳሱን ይዞ የሚሮጠው ሰው ብቻውን የትም አይደርስም። ከፊቱ የሚሰለፉ ግዙፍ ሰዎች የተቃራኒውን ተከላካዮች በትከሻና በደረት እየገፉ መንገድ ይከፍቱለታል። መሃል ላይ «ሴንተር»፣ በግራና ቀኙ ሁለት «ጋርድ»፣ ከእነርሱ ቀጥሎ ደግሞ ሁለት «ታክል» ይቆማሉ። ታክሉ በተለመደው አሠራር ኳስ አይቀበልም፣ ነጥብም አያስቆጥርም። ሯጩ 10 ሜትር ቢሄድ በመዝገብ የሚጻፈው የሯጩ ስም ነው፤ መንገዱን የከፈተው ሰው ምንም የሚጻፍለት ቁጥር የለም። የስሌተርን ሥራ በአኃዝ ለመግለጽ የሚያስቸግረው በዚህ ምክንያት ነው፤ ታላቅነቱ የሚታወቀው አብረውት ከተጫወቱትና ከተጋጠሙት ሰዎች ምስክርነት፣ እንዲሁም በየዓመቱ መጨረሻ ጋዜጠኞች ከሚያወጡት የምርጦች ዝርዝር ነው።

በ1920ዎቹ ደግሞ ሥራው ከዛሬው የከበደ ነበር። ዛሬ ለማጥቃትና ለመከላከል የተለያዩ ሰዎች ይገባሉ። በዚያን ጊዜ ግን ያው 11 ሰው ኳሱን ሲይዝ ያጠቃል፣ ሲነጠቅ ይከላከላል፤ 60ውንም ደቂቃ ሜዳ ላይ የሚቆይ ብዙ ነበር። ስሌተር ቁመቱ 1 ሜትር ከ85 ሴንቲ ሜትር ገደማ፣ ክብደቱ ደግሞ ከ95 ኪሎ ግራም በላይ ነበር። ዛሬ ከ140 ኪሎ በላይ ለሚመዝኑት ታክሎች ይህ ትንሽ ሰው ነው፤ በዘመኑ ግን ግዙፍ ይባል ነበር። ተጋጣሚዎቹ አንድ ሰው መድበው ስለማያቆሙት በሁለትና በሦስት ሆነው ይይዙት ነበር።

በአዮዋ ዩኒቨርሲቲ

ስሌተር በ1918 የአዮዋ ዩኒቨርሲቲ ገባ። በተለመደው ደንብ የመጀመሪያ ዓመት ተማሪ በዋናው ቡድን አይጫወትም ነበር፤ ነገር ግን በአንደኛው የዓለም ጦርነት ምክንያት ተጫዋች በመጥፋቱ ደንቡ ለጊዜው ተነሥቶ ስለነበር እስከ 1921 ድረስ አራት ዓመት ለመጫወት ቻለ። አሠልጣኙ ሃዋርድ ጆንስ ሲሆን፣ አብረውት ከተሰለፉት መካከል ኦብሪ ዴቫይንና ጎርደን ሎክ ይገኙበታል።

በስፋት የሚታወሰው ጨዋታ ኦክቶበር 8 ቀን 1921 በአዮዋ ሲቲ የተደረገው ነው። እንግዳው ቡድን በታዋቂው አሠልጣኝ ክኑት ሮክን የሚመራው ኖተር ዴም ነበር፤ ተከታታይ 20 ጨዋታዎችን አሸንፎ ነበር የመጣው። አዮዋ 10 ለ 7 ረታ። ሎክ ተችዳውን ያስቆጠረው ስሌተር በከፈተለት መንገድ ሲሆን፣ በዚያ ጨዋታ የተነሣው ፎቶግራፍ ራሱን ያልሸፈነ አንድ ጥቁር ወጣት በርካታ የኖተር ዴም ተጫዋቾችን ብቻውን ይዞ ሲገፋ ያሳያል። ኖተር ዴም በዚያ ዓመት የተሸነፈው በዚህ አንድ ጨዋታ ብቻ ነው። አዮዋ 7ቱንም ጨዋታ አሸንፎ የ«ቢግ ቴን» ሻምፒዮን ሆነ፤ ስሌተርም ከአገሪቱ ምርጥ ተጫዋቾች መካከል ተቆጠረ።

ይህ ሁሉ ሲሆን በዩኒቨርሲቲው የነበሩት ጥቁር ተማሪዎች ጥቂቶች ነበሩ። በደቡብ ክፍለ ሀገሮች ጥቁርና ነጭ በአንድ ሜዳ መጫወታቸው የማይታሰብ ነበር፤ በሰሜንም ቢሆን በየቡድኑ የሚገኘው ጥቁር አንድ ወይም ሁለት ነው፤ በብዙዎቹ ደግሞ ምንም የለም።

ሮክ አይላንድ (1922–1926)

የሙያ ፉትቦል በዚያን ጊዜ ገና ጀማሪ ነበር። ሊጉ የተመሠረተው በ1920 ሲሆን፣ ብዙዎቹ ቡድኖች በትናንሽ የፋብሪካ ከተሞች የነበሩ፣ ዛሬ ተቋቁመው ነገ የሚፈርሱ ነበሩ። የኮሌጅ ፉትቦል ክብር ነበረው፤ ለገንዘብ መጫወት ግን በብዙዎች ዘንድ እንደ ነውር ይታይ ነበር። ስሌተር ትምህርቱን ገና ባለመጨረሱ ገቢ ያስፈልገው ስለነበር በ1922 ከሊጉ መሥራች ቡድኖች አንዱ ወደሆነው ሮክ አይላንድ ኢንዲፔንደንትስ ገባ። ሮክ አይላንድ ከአዮዋ በሚሲሲፒ ወንዝ ብቻ የምትለይ ከተማ ስለሆነች ሕዝቡ ስሌተርን በሚገባ ያውቀው ነበር። በዚያው ዓመት መጨረሻ ፍሪትዝ ፖላርድ በሚገኝበት በሚልዋኪ ባጀርስም ለሁለት ጨዋታ ያህል ተሰልፏል። ፖላርድ ከአንድ ዓመት በፊት በሊጉ የመጀመሪያው ጥቁር አሠልጣኝ የሆነው ሰው ነው።

በ1924 የዓለም ዝና የነበረው የኦሎምፒክ ባለሜዳሊያ ጂም ቶርፕ በዕድሜ ገፍቶ ሮክ አይላንድን ተቀላቀለ፣ ከስሌተርም ጋር ተጫወተ። የዚያ ዓመት ነገር ግን የሚታወሰው በሌላ ምክንያት ነው። ቡድኑ ሚዙሪ ክፍለ ሀገር ወደምትገኘው ካንሳስ ሲቲ ለመጫወት ሲሄድ ስሌተር ከነጮች ጋር መሰለፍ እንደማይችል ተነገረ። ቡድኑም ያለ እርሱ ገባና ተሸነፈ። ካንሳስ ሲቲ በተራው ወደ ሮክ አይላንድ ሲመጣ ስሌተር ተሰለፈ፤ በዚህኛው ጨዋታ ያሸነፈው ሮክ አይላንድ ነው። ስሌተር በ10 ዓመት የሙያ ዘመኑ በጉዳት ምክንያት የቀረበት ጨዋታ የለም። የቀረው በዚህ አንድ ቀን ሲሆን፣ ምክንያቱም የቆዳው ቀለም ነበር። የሮክ አይላንድ ባለቤቶች አንጫወትም ብለው ከመመለስ ይልቅ ያለ እርሱ መሰለፍን መረጡ።

በ1926 ሮክ አይላንድ ሊጉን ትቶ በሬድ ግሬንጅ ስም የተቋቋመውን ተፎካካሪ ሊግ ተቀላቀለ። አዲሱ ሊግ አንድ ዓመት እንኳ በወጉ ሳይሞላው ፈረሰ፤ ሮክ አይላንድም አብሮ ጠፋ። ስሌተር ግን በዚያው ዓመት በቺካጎ ካርዲናልስ ተወሰደ። ኤታ ሰርሲ የተባለችውን ባለቤቱን ያገባውም በ1926 ነው።

ቺካጎ ካርዲናልስ (1926–1931)

ካርዲናልስ የደቡብ ቺካጎ ቡድን ነበር። ከተማዋን ከሚጋራው ከጆርጅ ሃላስ ቺካጎ ቤርስ ጋር ሲነጻጸር ድሃና ብዙ ጊዜ የሚሸነፍ ቡድን ነው። ለስሌተር ግን ጥቁር ሕዝብ በብዛት የሚኖርበት አካባቢ ቡድን በመሆኑና ኋላ ለሚኖርበት ከተማ መግቢያ ስለሆነው መልካም አጋጣሚ ነበር።

በ1927 ሊጉ ደካማ ቡድኖችን አስወጥቶ ቁጥሩን ቀነሰ። ሥራ ያጡት ተጫዋቾች ወደ ቀሩት ቡድኖች ሲጎርፉ ጥቁሮቹ ተራ በተራ ከሊጉ ወጡ፤ በዚያ ዓመት በመላው ሊግ የቀረው ጥቁር ተጫዋች ስሌተር ብቻ ነበር። በሚቀጥሉት ዓመታትም ከእርሱ ሌላ ብቅ ብለው የነበሩት ጥቂቶች ናቸው፤ አንዳንዶቹ ከሁለት ጨዋታ በላይ አልቆዩም። ስለዚህ ለዓመታት በሩ ክፍት ሆኖ የቆየው በአንድ ሰው ትከሻ ነበር ማለት ይቻላል። ስሌተር በግልፍተኝነት አይታወቅም፤ ዳኛ ሳያይ ሲመቱትና ሲረግጡት መልሶ አለመማታቱ በብዙዎች ተመስክሮለታል። ይህ የጠባይ ጉዳይ ብቻ አልነበረም፤ አንድ ጠብ ቢነሣ ሰበብ ይፈልጉ ለነበሩ ሰዎች በቂ ምክንያት እንደሚሆን የሚያውቅ ሰው ጥንቃቄም ነበር።

ኖቬምበር 28 ቀን 1929፣ በአሜሪካ የምስጋና በዓል ዕለት፣ ካርዲናልስ በኮሚስኪ ፓርክ ከቤርስ ጋር ተጋጠመ። የካርዲናልሱ ፉልባክ ኧርኒ ኔቨርስ 6 ተችዳውንና 4 ተጨማሪ ነጥብ በማግባት ብቻውን 40 ነጥብ አስቆጠረ፤ ውጤቱም 40 ለ 6 ሆነ። አንድ ተጫዋች በአንድ ጨዋታ ያስቆጠረው ይህ ነጥብ ከ90 ዓመት በላይ አልፎትም አልተሰበረም፣ በሊጉ ካሉት ክብረ ወሰኖች በዕድሜ ከሁሉ የቆየ ነው። ስድስቱም ተችዳውን የተገኙት በሩጫ ነው። ስሌተር ጨዋታውን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በመስመሩ ላይ ሆኖ ተጫውቷል፤ ኔቨርስም በተደጋጋሚ የሮጠው እርሱ በሚከፍተው ቀዳዳ በኩል ነበር። በመዝገቡ ላይ ያለው ስም ግን የኔቨርስ ብቻ ነው።

ስሌተር ለካርዲናልስ እየተጫወተ ሳለ የጨዋታው ወቅት ባለቀ ቁጥር ወደ አዮዋ እየተመለሰ ሕግ ይማር ነበር። በ1928 ከዚያው ዩኒቨርሲቲ በሕግ ተመረቀና በቺካጎ የጥብቅና ሥራ ጀመረ። በ1931 መጨረሻ፣ 33 ዓመት ሲሞላው፣ ከሙያ ፉትቦል ተሰናበተ።

በሩ ሲዘጋ

ከ1920 እስከ 1933 በሊጉ የተጫወቱት ጥቁሮች 13 ናቸው። ስሌተር ከወጣ ከሁለት ዓመት በኋላ፣ ከ1933 የውድድር ዘመን ፍጻሜ ጀምሮ፣ አንድም ጥቁር በሊጉ አልተሰለፈም። በወረቀት የሰፈረ እገዳ አልነበረም፤ የቡድን ባለቤቶቹም ስምምነት መኖሩን ክደዋል። ሆኖም 12 ዓመት ሙሉ አንድም ጥቁር ተጫዋች አለመቀጠሩ በአጋጣሚ ሊሆን አይችልም። የኢኮኖሚው ቀውስ ለሰበብነት አገልግሏል፤ ነጮች ሥራ ባጡበት ጊዜ ለጥቁር ደመወዝ መክፈል ተመልካች ያስቆጣል ይባል ነበር።

ስሌተር በእነዚህ ዓመታት ዝም ብሎ አልተቀመጠም። ለአጭር ጊዜ በኦክላሆማ ሲቲ በአንድ የጥቁሮች ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት አሠልጣኝ ሆነ። ቺካጎ ተመልሶም በሊጉ ቦታ ያጡትን ጥቁር ተጫዋቾች አሰባስቦ ቡድን ያሠለጥን ነበር፤ ከእነዚህም አንዱ የቺካጎ ብራውን ቦምበርስ ነው። እነዚህ ቡድኖች ገንዘብም ሆነ ቋሚ ሜዳ አልነበራቸውም፤ ነገር ግን ጥቁር ተጫዋቾች ከነጮች ቡድኖች ጋር ተጋጥመው ችሎታቸውን የሚያሳዩበት ብቸኛ መድረክ ነበሩ ማለት ይቻላል።

ሊጉ እንደገና የተከፈተው በ1946 ነው። ራምስ የተባለው ቡድን ወደ ሎስ አንጀለስ ሲዛወር የከተማው ስታዲየም በሕዝብ ገንዘብ የተሠራ ስለነበር፣ ጥቁር ጋዜጠኞች ባደረጉት ግፊት ኬኒ ዋሽንግተንና ዉዲ ስትሮድ ተፈረሙ።

ዳኝነት

ስሌተር በከተማው አስተዳደር የሕግ ክፍል ውስጥ ካገለገለ በኋላ በ1948 ለቺካጎ ማዘጋጃ ቤት ፍርድ ቤት ዳኝነት ተወዳደረና ተመረጠ። በከተማዋ በሕዝብ ምርጫ ዳኛ ለመሆን የበቃ ሁለተኛው ጥቁር ነው፤ የመጀመሪያው በ1924 የተመረጠው አልበርት ጆርጅ ነበር። በሁለቱ መካከል 24 ዓመት አለ። ለስሌተር ድምፅ ከሰጡት መካከል በወጣትነታቸው በካርዲናልስ ሜዳ ያዩት ብዙ ነጮች እንደነበሩ መገመት አያስቸግርም።

በ1960 ወደ ሱፒሪየር ፍርድ ቤት ከፍ አለ፤ በዚያ ወንበር የተቀመጠ የመጀመሪያው ጥቁር ሆነ። በ1964 የኢሊኖይ ፍርድ ቤቶች እንደገና ሲደራጁ የኩክ አውራጃ ሰርኪዩት ፍርድ ቤት ዳኛ ሆኖ ቀጠለ። ከአዮዋ ዩኒቨርሲቲ ጋር ያለውንም ግንኙነት አልቆረጠም፤ ጨዋታ ለማየት ይመላለስ፣ ወጣት ጥቁር ስፖርተኞችም ወደዚያ ሄደው እንዲማሩ ይመክር ነበር። ባለቤቱ በ1962 ሞተች፤ ልጅ አልነበራቸውም። እርሱም ኦገስት 14 ቀን 1966 በጨጓራ ካንሰር በ67 ዓመቱ በቺካጎ አረፈ።

የክብር መዝገብ

በ1951 የኮሌጅ ፉትቦል የክብር አዳራሽ የመጀመሪያዎቹን ተመራጮች ሲያስታውቅ ስሌተር ከመካከላቸው ብቸኛው ጥቁር ነበር። የሙያ ፉትቦሉ ግን በዚህ ፍጥነት አላስታወሰውም። በኦሃዮ ክፍለ ሀገር በካንቶን የተከፈተው የሙያ ፉትቦል የክብር አዳራሽ በ1963 የመጀመሪያዎቹን ሲቀበል አብረውት የተጫወቱት ጂም ቶርፕና ኧርኒ ኔቨርስ፣ የተጋጠመውም ጆርጅ ሃላስ ገቡ። ስሌተር በዚያን ጊዜ በሕይወት ነበር። በ1970ና በ1971 ለመጨረሻው ዙር ቀርቦ ሳይመረጥ ቀረ፤ ከዚያም ስሙ ለአሥርተ ዓመታት አልተነሣም። የመስመር ተጫዋች ቁጥር ስለሌለው፣ ያዩት ሰዎች ሲያልፉ ማስረጃውም አብሮ ያልፋል። በመጨረሻ ሊጉ 100ኛ ዓመቱን ምክንያት በማድረግ ቀደምት ተጫዋቾችን በልዩ ኮሚቴ ሲያስመርጥ፣ በ2020፣ ከሞተ 54 ዓመት በኋላ ተመረጠ።

በአዮዋ ዩኒቨርሲቲም ተመሳሳይ ታሪክ አለ። በ1972 ስታዲየሙ በሌላው የአዮዋ ጀግና በናይል ኪኒክ ስም እንዲጠራ ሲወሰን የሁለቱም ስም በአንድነት እንዲወጣ ሐሳብ ቀርቦ ነበር፤ ሐሳቡ አልጸደቀም፣ በምትኩ አንድ የተማሪዎች መኖሪያ ሕንጻ በስሌተር ተሰየመ። በ2019 የኖተር ዴሙ ጨዋታ ፎቶግራፍ በስታዲየሙ ግድግዳ ላይ በቅርጻ ቅርጽ ተሠራ። በ2021 ደግሞ በኪኒክ ስታዲየም ውስጥ ያለው የመጫወቻ ሜዳ ዱክ ስሌተር ሜዳ ተባለ።